ድኗል የሚለው ማኅተም

የባለሙያዎች ማኅበራችን ወንድ ወንድን መውደዱ ከበሽታ ዝርዝር ይሰረዝ ወይስ ይቆይ ብሎ ድምፅ የሚሰጥበት ቀን ነበር። ይሰረዝ የሚሉት ወጣቶቹ ናቸው። ይቆይ የሚሉት ደግሞ እኔን ይዘዋል። ከሠላሳ ዓመት በፊት ያሳተምኳት ጽሑፍ አለች፤ እንዲህ ካሉ አሥራ አራት ሰዎች አሥራ አንዱን አዳንኩ የምትል። በአእምሮ ሐኪምነቴ የተከበርኩት በእሷ ነው። የቀድሞ ተማሪዬ፣ የዛሬው ሊቀ መንበር፣ «ጋሼ፣ እርስዎ ብቻ ይናገሩ፤ ክርክሩ ያኔ አበቃ» ብሎኛል።

ጠዋት ደረቴን ነፍቼ ወደ ሆስፒታላችን መዝገብ ቤት ወረድኩ። ጥቂት ፋይል ታቅፌ አዳራሽ ብገባ ያምርብኛል ብዬ ነው። ሽማግሌም መታየት ይወዳል። የመዝገብ ቤቷ ሴትዮ ጡረታ ሊወጡ አንድ ወር ቀርቷቸዋል፤ አብረን ነው ያረጀነው። አሥራ አራቱንም አቧራቸውን እየጠረጉ ጠረጴዛው ላይ ደረደሩልኝ።

«የዳኑትን ብቻ ይለዩልኝ» አልኳቸው።

«የቀሩትን ማለትዎ ነው?»

«የዳኑትን ነው የምልዎት፣ እትዬ።»

«እኮ! ሦስት ቀጠሮ የቀረ ሰው ድኗል ተብሎ ይመታበት ያሉኝ እርስዎ አይደሉም እንዴ? ‹የታመመ ይመጣል፤ ያልመጣ ድኗል› ብለው። እኔማ መታሁ። እኔ ምን አገባኝ?»

ሳቁ። አብሬያቸው ልስቅ ሞከርኩ፤ ግን ልብ ካወቀ ገንፎ ያንቃል። ማዘዜ ትዝ ይለኛል። ፋይል በዝቶብን ስለነበር ቀላል መላ መስሎኝ ነው። ጽሑፌን ስጽፍ ግን ማኅተሞቹን ቆጠርኩ እንጂ አንዱንም ሰው ፈልጌ እንዴት ነህ አላልኩም።

ከሁሉ የቀጠነው የልብስ ሰፊው ፋይል ነበር። ሰውዬውን አልረሳሁትም። አንድ ቀን የኮቴ ቁልፍ ተንጠልጥሎ ቢያይ ከኪሱ መርፌና ክር አውጥቶ እዚያው ተከለልኝ። እየሰፋ፣ «ዶክተር፣ ይሄን ነገር ካጠፉልኝ በኋላ ምኔ ሊተርፍ ነው?» አለኝ። ክኒኑን ጨመርኩለት።

ከመጨረሻው ገጽ ጀርባ የእህቱ ደብዳቤ አለ፣ ከደብተር በተቀደደ ወረቀት። «ወንድሜ በገዛ እጁ ስለሞተ የማክሰኞ ቀጠሮው ይሰረዝልን» ይላል። ከሥሩ ፊርማዬ አለ፤ አንብቤዋለሁ ማለት ነው። ከፊርማዬ ጎን ማኅተሙ አለ። ድኗል።

አፈርኩ። ረሳሁት ብዬ እንዳልምል ቆጥሬዋለሁ፤ ከአሥራ አንዱ አንዱ እሱ ነው።

«እትዬ፣ ሞቷል የሚል ማኅተም አልነበረንም?»

«እዚህ ክፍል? ኧረ የለንም። ድኗል፣ ቀጥሏል፣ ተዛውሯል፤ በቃ።»

አዳራሹ ጢም ብሏል። ሊቀ መንበሩ «አሥራ አንድ ሰው ያዳኑት አንጋፋችን!» ሲል ተጨበጨበልኝ። ንግግሬ ኪሴ ውስጥ ነበር፤ እዚያው ተውኩት። ማኅተሙ ሦስት ቀጠሮ በቀረ ሰው ፋይል ላይ እንደሚመታ ነገርኳቸው፤ ቀጥዬ ደብዳቤውን አነበብኩ።

«ሌሎቹ አሥሩስ?» አለችኝ ፊት ለፊት የተቀመጠች ወጣት ሐኪም።

«አላውቅም። ጠይቄ አላውቅም።»

ሊቀ መንበሩ ወደ ጆሮዬ ጎንበስ ብሎ፣ «ጋሼ፣ አሞዎታል እንዴ?» አለ።

«አላመመኝም ልጄ። አፍሬ ነው።»

ቁጭ አልኩና እጆች ለድምፅ ሲወጡ ሳላይ አንገቴን ደፋሁ። ደብዳቤው ጉልበቴ ላይ ነው። አንድ መስመር ሳላነብላቸው ቀርቻለሁ፤ አፌ አልታዘዝ ብሎኝ ነው። እህቱ መጨረሻ ላይ፣ «ዶክተር ለወንድሜ ብዙ ደክመዋልና እናመሰግናለን። ሰዓቱን ለሌላ በሽተኛ ይስጡልን» ብላለች።

ሰጥቻለሁ። የዚያን ማክሰኞ ሌላ ሰው ተቀብያለሁ፤ ፋይሉ ከአሥራ አራቱ መሃል ነው። እሱም ድኗል።