ሰብአዊ ዳግም-ቅንጅት

ኢሳይያስ ሰውን የሚንቀው በደረጃ ነበር። መጀመሪያው ደረጃ ላይ መድኃኒትን በቀለሙ የሚጠሩ አሉ፤ «ያንን ቀዩን ክኒን ስጠኝ» የሚሉት። ከእነሱ ከፍ ብለው ስሙን እየሰባበሩ የሚጠሩት፣ ትንሽ የተማሩት አሉ። ጫፉ ላይ ግን ወልደጻድቅ ብቻውን ተቀምጧል።

ሁለቱ ሚዛን ተፈሪ ተወልደው አንድ ክፍል ነው የተማሩት። ወልደጻድቅ ፈተና ያለፈው ከኢሳይያስ ወረቀት እየገለበጠ ነው፤ አንዴማ ቸኩሎ ስሙን ጭምር ገልብጦ መምህሩ ሁለት ኢሳይያስ ደርሶት ነበር። ኢሳይያስ ጅማ ሄዶ ፋርማሲ አጥንቶ መጣና የሆስፒታሉ መድኃኒት ክፍል ኃላፊ ሆነ። ወልደጻድቅ የትም ሳይሄድ ሹም ሆነ። የእድር ጥሪ ይሁን የጠፋ በሬ ማፈላለጊያ፣ የእሱ ማኅተም ያላረፈበት ወረቀት በከተማው ግድግዳ ላይ አይለጠፍም። ዓመቱ ዘጠና ስምንት ነው። ምርጫው አልፏል፣ ቂሙ ግን አላለፈም። ቅንጅት የሚባለው ተቃዋሚ ፓርቲ ምልክቱ ሁለት ጣት ስለነበር፣ ሰው ሻይ ቤት ገብቶ ሁለት ሻይ ሲያዝ እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ ነበር የሚያዘው።

በዚህ መሀል የኢንሱሊኑ ጣጣ መጣ። የስኳር ሕመምተኞቹ ለዓመታት የተወጉት ከበሬ ቆሽት የሚወጣውን ነበር። ያ ቀረና አዲስ ብልቃጥ መጣ፤ ላዩ ላይ በእንግሊዝኛ «ሂዩማን» ይላል። ወረፋ ላይ ከነበሩት አንዱ፣ የተማረ ነኝ ባይ፣ ብልቃጡን ወደ ብርሃን አንስቶ «የሰው ማለት ነው» ብሎ ተረጎመ። ወሬው ገበያ ደረሰ። ከገበያ ሲመለስ የሰው የነበረው የሬሳ ሆኖ ነበር።

መጀመሪያ እምቢ ያሉት እማማ ንጋቷ ናቸው፣ የወልደጻድቅ እናት። ባላቸው በጃንሆይ ዘመን ከጎጃም ይዘዋቸው መጥተው ቡና ተክለው ቀሩ። እሳቸውም ቀሩ፣ ምላሳቸውም የጎጃም እንደሆነ ቀረ።

«እማማ፣ ይሄ ከሰው የወጣ አይደለም» አላቸው ኢሳይያስ በመስኮቱ በኩል።

«የሰው ይላል አሉ።»

«የሰውን የሚመስል ማለት ነው።»

«የሚመስል ከሆነ የሚመስል አይሉትም ነበር? በል የበሬውን አምጣ ልጄ።»

«የበሬው ቀርቷል። የሚሠሩት ትተውታል።»

«እንግዲያስ እኔም ትቼዋለሁ» አሉና ነጠላቸውን አጣፍተው ሄዱ።

ነርሷ ሰርካዲስ መርፌ ይዛ ቀረች። ይህች ሴት ስትቆጣ ድምጿን ዝቅ ነው የምታደርገው። «እኚህ ሴትዮ ያለ መድኃኒት ወር አይቆዩም» አለችው። «እግራቸው ላይ ቁስል ጀምሯል። አንድ ነገር ጽፈህ ለጥፍላቸው፣ በሚገባቸው ቋንቋ።»

በሚገባቸው ቋንቋ የሚለው ኢሳይያስን አስከፋው። ነገሩ እንደሆነ ቀላል ነው። የዘመኑ ኢንሱሊን ከበሬም ከአሳማም ከሬሳም አይወጣም። የሰው ሰውነት ኢንሱሊን የሚሠራበትን የዘር ትእዛዝ ወስደው በእርሾ ዘር ውስጥ ይቀጥሉታል፤ እርሾው በበርሜል ሲፈላ እያደር ኢንሱሊን ይሠራል፣ ያንን ያጠሩታል። በእንግሊዝኛው ሪኮምቢናንት የሚሉት ይሄንኑ ነው። እርሾ ብሎ ቢጽፈው ሚዛን ውስጥ የማይገባው ሰው አልነበረም። ግን እርሾ የጠላ ነው፣ የጓዳ ነው። ስንት ዓመት ጅማ የተንከራተተ ሰው ግድግዳ ላይ እርሾ ብሎ ሊጽፍ? ጌታው ሳምንቱን ሙሉ መዝገበ ቃላት ሲያገላብጥ ከረመ። ሪ ማለት ዳግም፣ ኮምቢኔሽን ማለት ቅንጅት፣ ሂዩማን ማለት ሰብአዊ። ርእሱን በትልልቁ ጻፈ፤ «ሰብአዊ ዳግም-ቅንጅት ኢንሱሊን፦ ምንነቱና አጠቃቀሙ»። ጽፎ ሲጨርስ ራቅ ብሎ አየው። ልቡ አበጠ።

ወልደጻድቅ ወረቀቱን ያነበበው ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ ነው። አነበበና ተነሥቶ የቢሮውን በር ዘጋ።

«ማነው የላከህ?» አለ።

«እናትህ ናቸው ማለት ይቻላል። መድኃኒቱን እምቢ ብለዋል።»

«እናቴን ከዚህ አውጣት። ዳግም ቅንጅት የሚል ወረቀት በመንግሥት ግድግዳ ላይ ልትለጥፍ እኔ ልፈርምልህ? ቅንጅት አንዴ መምጣቱ አነሰህና ነው ዳግም የምትለው?»

ኢሳይያስ ይሄ መቼም ቀልድ ነው ብሎ ፊቱን አየው። አልነበረም። «ወልዴ፣ ይሄ የሳይንስ ቃል ነው። መቀናጀት፣ መቀጣጠል እንደማለት።»

«መቀጣጠል ደግሞ አለበት?» አለ ወልደጻድቅ ወንበሩን እየሳበ። «ደግሞ ሰብአዊ። ሰብአዊ መብት ልትል ነው። ሰብአዊም ቅንጅትም ባንድ መስመር። አንተ ልጅ ቤተሰብ የለህም?»

ኢሳይያስ ፍርሃትም ነበረበት፣ ንቀቱ ግን ይበልጥ ነበር። ይሄ ሰው፣ አሰበ፣ ይሄ ስሜን የገለበጠ ሰው ቃል ሊያርምልኝ ነው።

አረመለትም። እስክሪብቶውን አወጣና ሰብአዊ የሚለውን ሰርዞ «ሕዝባዊ» አለው። ዳግም-ቅንጅት የሚለው ላይ ትንሽ ቆየ። ጣሪያውን አየ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን የስብሰባ መፈክር አየ፣ ፊቱ በራ። «ተሃድሶ» ብሎ ጻፈ። የገዢው ፓርቲ ቃል ነው፤ በዚያ ሰሞን ያለ ተሃድሶ የሚከፈት ስብሰባ፣ ያለ ተሃድሶ የሚዘጋ ንግግር አልነበረም። «ሕዝባዊ የተሃድሶ ኢንሱሊን። አየህ? መታደስ ነው፣ ዳግም ማለትም ያው መታደስ ነው። እንዲህ ነው ለሕዝብ የሚጻፈው።»

ኢሳይያስ አፉን ሊከፍት ብሎ ተወው። ከፕሮቴስታንት ቤት የተወለደ ልጅ ነውና ሹሙ ያላሰበውን እሱ ያውቃል። ተሃድሶ ለካድሬ አንድ ነገር ነው፣ ለኦርቶዶክስ ምእመን ሌላ። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ገብቶ ምእመኑን ወደ ጴንጤ ይስባል የሚባለው፣ አባቶች ባለፉት እሑዶች ሁሉ ተጠንቀቁ እያሉ የሚያስተምሩበት እንቅስቃሴ ስሙ ተሃድሶ ነው። እማማ ንጋቷ ያንን ቃል መርፌ ላይ ሲያዩ ምን እንደሚሉ ለመገመት ጅማ መሄድ አያስፈልግም። «ይሄን እናትህ አይወጉትም» ቢል ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር። አላለም። ይለጠፍ፣ አለ በሆዱ፤ ይለጠፍና ከተማው ይሳቅበት፣ የገዛ እናቱ ታዋርደው።

«ጥሩ ቃል ነው» አለ በአፉ። ወልደጻድቅ ማኅተሙን በትንፋሹ አሙቆ አሳረፈበት።

ወረቀቱ የመድኃኒት ክፍሉ ግድግዳ ላይ ተለጠፈ። ሰርካዲስ አነበበችውና ወደ ኢሳይያስ ዞር ብላ አየችው። እሱ ክኒን መቁጠሩን ቀጠለ።

እማማ ንጋቷ የመጡት በገበያ ቀን ነው፣ ባይሆንልኝም እስኪ ልየው ብለው። እየነከሱ ነበር የሚራመዱት። ወረቀቱ ፊት ቆሙና በጣታቸው እየተከተሉ ጮክ ብለው አነበቡት፤ ፊደል የቆጠሩት ደብር ውስጥ ነው፣ ንባብ አይፈሩም። «ሕዝባዊ፣ የተሃ፣ ድሶ።» ጣታቸው ቆመ። ከመጀመሪያው ደግመው አነበቡት። ከዚያ ሦስት ጊዜ አማተቡና ከኋላቸው ለተሰለፉት ዞረው «እናንተ ልጆች፣ እዚህ ቤት ክርስትናችሁን በመርፌ ነው የሚወስዱባችሁ» አሉ። ከወረፋው ግማሹ ተበተነ።

ኢሳይያስ ይሄን ሁሉ በመስኮቱ መስታወት ጀርባ ቆሞ እየሳቀ አየ። አንጀቱ ቅቤ ጠጣ። ዛሬ ማታ ቤቱ ይታመሳል፣ አለ፤ ነገ ጠዋት ሹሙ ወረቀቱን ራሱ ሊቀድ ይመጣል፣ እኔም ቆሜ አያለሁ።

ሹሙ ግን አልመጣም። ቴፒ ለስልጠና ሄዶ ነበር። ስልጠናው ስለ ምን እንደነበር መናገር አያስፈልግም። እማማም እቤታቸው ገብተው ለማንም ሳይናገሩ ጠበል ይጠጡ ጀመር፤ ልጃቸው ሃይማኖቱን ሸጧል ብለው ስላመኑ ወሬውን ቴፒ ድረስ የሚልኩበት ምክንያት አልነበራቸውም። ዝናቡ ሳያባራ ከረመ። ሰርካዲስ እየተመላለሰች «እማማ ንጋቷ አልመጡም» ትለው ነበር።

«ይመጣሉ። ልጃቸው ይዟቸው ይመጣል፣ አንገቱን ደፍቶ።»

«ቤታቸው ሄደን ብናስረዳቸውስ?»

«ወረቀቱ አለ አይደል እንዴ? የሹም ማኅተም ያለበት?» አላት። እሷ ሳትስቅ ስታየው ሳቁን ዋጠው። የዚያኑ ቀን ብቻዋን ሄዳ በሩን ብታንኳኳ እማማ «ከተሃድሶ ቤት የመጣ አይገባብኝም» ብለው ከውስጥ መለሷት።

በመጨረሻ ያመጣቸው የጎረቤት ልጆች በቃሬዛ ነው። ራሳቸውን አያውቁም፤ ትንፋሻቸው ከሩቅ የሚመጣ ነው፣ ከግራ እግራቸው የሚወጣው ሽታ ኮሪደሩን ሞልቶታል። ወልደጻድቅ ስልክ ተደውሎለት ከቴፒ በጭቃ መንገድ ሲበር ደረሰ። ሱሪው እስከ ጉልበቱ ጭቃ ነበር፤ ኢሳይያስ በዕድሜው ሙሉ እንዲህ ሆኖ ሊያየው ተመኝቷል።

«ስጣት» አለው። «ያለህን ስጣት።»

ብልቃጡ ኢሳይያስ እጅ ላይ ነበር። መስጠት ብቻ ነበረበት። ይሄን ሁሉ ሳምንት ያፈላው ነገር ግን ከእጁ ቀድሞ ከምላሱ ወጣ። «የትኛውን ልስጥልህ? ሕዝባዊ ተሃድሶውን?»

ወልደጻድቅ ያልገባው መሰለ። እናቱን ያያል፣ ኢሳይያስን ያያል። ሰርካዲስ ምንም ሳትናገር ብልቃጡን ከእጁ ነጥቃ ሄደች። የሚንቋት ሴት አልነበረችም፣ ኢሳይያስ እሷን በየትኛው ደረጃ እንደሚያስቀምጣት ወስኖ አያውቅም። በዚያች ሰዓት ግን እሱ በየትኛው ደረጃ እንደተቀመጠ ፊቷ ላይ አነበበ።

እማማ ዳኑ። ኢንሱሊኑና የጨው ውኃ በደም ሥራቸው ገባ፣ ስኳሩ ወረደ። ሐኪሙ ግን ቁስሉ የበላውን ማትረፍ አልቻለም፣ የግራ እግራቸውን ሁለት ጣት ቆረጠ። የነቁ ዕለት ኢሳይያስና ወልደጻድቅ አልጋቸው አጠገብ ነበሩ፣ ሰርካዲስም የጠዋቱን መርፌ አዘጋጅታ ቆማ ነበር። እማማ መርፌውን አዩ።

«ምንድን ነው የምትወጉኝ?»

ወልደጻድቅ አፉን ከፈተ። ሦስት ሰዓት ያለ ወረቀት መናገር የሚችል ሰው አንድ ቃል አጥቶ ዘጋው።

«ከእርሾ የሚሠራ ነው እማማ» አለ ኢሳይያስ። «ሰው አልተነካበትም። ሃይማኖትም የለው።»

«እርሾ?»

«እርሾ።»

«የጠላው?»

«የዚያው ወገን ነው። እርሾው ሲፈላ መድኃኒቱን ይሠራል፣ እሱን ያጠሩታል።»

እማማ ንጋቷ ጠላ ጠምቀው አሳድገው ልጅ ያስተማሩ ሴት ናቸው፣ እርሾ ምን መሥራት እንደሚችል ሌላ ሰው አይነግራቸውም። «ይሄን ያን ጊዜም ታውቀው ነበር?» አሉት።

«አዎ እማማ።»

«የግድግዳውንስ? እሱን ሳነብ የምሆነውን ታውቀው ነበር?»

ኢሳይያስ የአልጋ ልብሱን ጫፍ ያስተካክል ጀመር።

«መስኮት ላይ ቆመህ አይቼሃለሁ» አሉ እማማ። «ትስቅ ነበር። ባነበብኩት ደንግጬ መስሎህ ነው እንጂ እኔን ያባረረኝ ሳቅህ ነው። ይሄ ልጅ የሚስቀው የሚያውቀው ነገር ቢኖር ነው ብዬ።» ወደ ልጃቸው ዞሩ። «አንተስ?»

«እኔማ እማዬ፣ ሕዝቡ በቀላሉ እንዲረዳው፣ ከአቅጣጫው አንጻር…»

እጃቸውን አነሱና አስቆሙት። አልተቆጡም፤ ቢቆጡ ይሻል ነበር። በገበያ ያልተሸጠ ዕቃ እንደሚታይ፣ ዋጋውን እንኳ ለመጠየቅ ሳይሹ አዩዋቸው።

«ሁለታችሁም ውጡልኝ» አሉና ክንዳቸውን ለሰርካዲስ ዘረጉ።

ኢሳይያስን የወጋው ውጡ የሚለው አልነበረም፣ ሁለታችሁም የሚለው ነው። ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ ከዚህ ሰው የተለየሁ ነኝ ብሎ ሲኖር፣ አንዲት አሮጊት ባንድ ቃል ባንድ ከረጢት ከተቷቸው። ያበጀው ደረጃ ሁሉ ሲናድ ከጎኑ የቆመው ወልደጻድቅ ብቻ ነበር። በሩ ጠባብ ስለነበር ትከሻ ለትከሻ እየተጋፉ ወጡ። ውጭ ዝናቡ እንደጉድ ይወርዳል፣ ጃንጥላ የያዘው ሹሙ ብቻ ነው። ወልደጻድቅ ጃንጥላውን ዘረጋና ወደ እሱ አዘነበለው፣ ኢሳይያስም ጎንበስ ብሎ ከሥሩ ገባ።