ገዴ ልብስ ስፌት

ገዴ ሊፍት ጠጋኝ ነው፤ ወደ ሥራው የሚወጣው ግን በደረጃ ነው። ሕንፃው ውስጥ ያሉ ጸሐፊዎች ምክንያቱን ሲጠይቁት «ለጉልበት ጥሩ ነው» ይላቸዋል። እውነቱ ሌላ ነው። ባለፈው የዝናብ ወራት ራሱ ጠግኖ፣ ራሱ ፈትሾ፣ «አሁን እንደ አዲስ ሆኗል» ብሎ የሕንፃውን ሥራ አስኪያጅ ጋብዞ አብሯቸው የገባበት ሊፍት፣ በሁለት ፎቅ መካከል ቀጥ ብሎ ቆመ። ሥራ አስኪያጁ ጨለማው ውስጥ «ስምህ ማን ነበር ያልከኝ?» አሉት። «ገዴ» አለ። የወጡት በር ተፈልቅቆ ነው።

ስሙን ያወጡለት እናቱ ናቸው። በሥርዓት የወጣለት ሌላ ስም ነበረው ይባላል፤ እናቱ ከጠዋት እስከ ማታ «ገዴ፣ ገዴ» ሲሉት ግን ያኛው ከሰው አፍ ጠፋ። መታወቂያ ሲያወጣም የሚያስታውሰው ስላልተገኘ ይኸው ተጻፈለት። ነገሩ የዘር ነው። አባቱን ሰው ሁሉ «ሀብቴ» ይላቸው ነበር፤ ሀብቴ አንዱን ኮት ከወንድማቸው ጋር በፈረቃ የሚለብሱ ሰው ነበሩ። አያቱ ደግሞ «ሞልቶ» ነበር የሚባሉት፤ ሲሞቱ ትራሳቸው ሥር የተገኘው ንብረት የትኛውንም በር የማይከፍት የቁልፍ እስር ብቻ ነው። በየቢሮው «ገዴ ሀብቴ ሞልቶ» ተብሎ ሲጠራ፣ ጠሪዋ ቀና ትልና መጀመሪያ ፊቱን፣ ቀጥላ ጫማውን ታያለች። ገዴም አብሯት ጫማውን ያያል። ምን ያድርግ፣ እሱንም ይገርመዋል።

ይህ ብቻ ቢሆን ስቆ ይተወው ነበር። ችግሩ ዘመዶቹ ስሙን ከልባቸው ማመናቸው ነው። አዲስ ነገር የጀመረ ሁሉ እሱን ያስጠራል። የአጎቱ ልጅ ያገለገለ መኪና የገዛ ጊዜ «መጀመሪያ ገዴ ይቀመጥባት» ተባለና ጋቢና ገባ፤ መኪናዋ የመጀመሪያው ዳገት ላይ ሞተሯ ነክሶ ቀረች። ዘመድ ተሰበሰበ፣ ነገሩ ከላይ ከታች ታየ፣ በመጨረሻም «እሱ ባይኖርባት ኖሮ ቁልቁለት ላይ ነበር ጉድ የምትሠራን» ተብሎ ተመረቀ። ጎረቤቱ አጥር ሊያጥር ሲነሣም የመጀመሪያውን ዶማ ያስያዘው ለገዴ ነው። ዶማው የውሃ ቧንቧ በሳ። ውሃ ከሰፈሩ የጠፋበት ሳምንት ነበርና ሰው ሁሉ ባልዲ ይዞ እየሮጠ መጣ፤ ጎረቤቱም ጭቃ ውስጥ እስከ ጉልበቱ ገብቶ «አየ ገዴ፣ አየ ገደኛው» ይል ነበር።

እንዲህ እንዲህ እያለ ዝናው በአደጋ ላይ አደገ። የሚመጣው መከራ ሁሉ ሳይመጣ ከቀረው ከባሰው ጋር ይመዘንና ይቀላል፤ ያልመጣውን ደግሞ አይቶ የሚመሰክር የለም። ገዴ ይህን ስሌት አሳምሮ ያውቀዋል። ሲያሻው ይስቅበታል፤ ሲያሻው ደግሞ፣ ምን ይደበቃል፣ ደስ ይለዋል። «ና እንጂ፣ አንተ ከሌለህማ አይሆንም» መባልን የሚጠላ ሰው አልተወለደም።

ዘንድሮ ግን ነገሩ ልጁ ጋ ደረሰ።

አንድ ልጅ ናት ያለችው። ዕድሜዋን በሰው ቤት የሰው ልብስ ስትሰፋ ኖራ አሁን የራሷን ሱቅ ልትከፍት ነው። ቤቷ ጠባብ ናት፤ ባለ መስታወት በር፣ አንድ የስፌት መኪና፣ አንድ የመተኮሻ ጠረጴዛ፣ በመጋረጃ የተከለለ የመለኪያ ጥግ፣ ሌላ የለም። ልጅቱ ያላትን ሁሉ እዚያ ውስጥ አፍስሳለች። ካልሆነላት ወደ ድሮ ቀጣሪዋ ተመልሳ አንገቷን ደፍታ መለመን ነው የሚቀራት፤ ቀጣሪዋም ያንን ቀን እንደ በዓል እየጠበቀች መሆኗን ያልሰማ የለም።

«አባዬ፣ የፊታችን ቅዳሜ ጠዋት ነው የምከፍተው» አለችው አንድ ቀን እራት ላይ። «መጀመሪያ የምለካው አንተን ነው። ሱሪ እሰፋልሃለሁ።»

«ሌላ ሰው ይቅደም እንጂ። እኔ የቤት ሰው አይደለሁ?»

«አይሆንም። ካንተ በፊት ሜትሬን ማንም ላይ አላሳርፍም። ደግሞ የቤቱንም ስም አውጥቻለሁ።»

«ማን አልሽው?»

«ገዴ ልብስ ስፌት።»

የጎረሰው ትን አለው። ሚስቱ ጀርባውን እየመታች «በደስታ ነው» አለች ለልጅቱ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰላም አጣ። መኪና ሌላ፣ አጥር ሌላ። ሱቋ በኪሳራ ብትዘጋ «እሱ ባይኖር ትቃጠል ነበር» ብሎ የሚያጽናና ዘመድ እንደማይጠፋ ያውቃል፤ ልጁ ግን በዚያ ማጽናኛ ቀጣሪዋ ፊት ቀና ብላ አትቆምም። እንቢ እንዳይላት ስሙ በሩ ላይ ሊሰቀል ነው። እሺ እንዳይላት ደግሞ ራሱን ያውቀዋል። በመጨረሻ ቢቸግረው፣ ይህ ስም መጀመሪያውኑ ከየት እንደመጣ ሊጠይቅ ታላቅ እኅቱ ጋ ሄደ። ከእናቱ የሰማው «የተወለድክ ቀን ቤታችን ዳነ» የሚለውን ብቻ ነው፤ ከምን እንደዳነ ጠይቆ አያውቅም። ጥሩ ወሬ ሲነገረው ዝርዝር የሚጠይቅ ሰው አይደለም።

እኅቱ በረንዳዋ ላይ አበባ እያጠጣች ነበር።

«እትዬ፣ እኔን ገዴ ያሉኝ ለምንድን ነው?»

«ምነው፣ በስተርጅና ስምህ ከበደህ?»

«ከብዶኛል።»

ዞር ብላ አየችውና ማጠጫውን አስቀመጠች። «እማዬ ካልሲ ፋብሪካ ትሠራ እንደነበር ታውቃለህ። አዲስ አለቃ መጣ። ሠራተኛ በዝቷል አለና አንድ ጠዋት ሁሉንም ግቢ ውስጥ በሁለት ረድፍ አሰለፈ። ከዚያ በግራ ያላችሁ ወደየቤታችሁ ሂዱ አለ። በቃ። ጎበዝ ሰነፍ የለም። እማዬ ደግሞ ሁልጊዜ የምትቆመው በግራ ነበር፣ ከጓደኛዋ ጎን።»

«ያን ቀንስ?»

«ያን ቀንማ አንተን ስታምጥ ነበር። ከአራስ ቤት ወጥታ ስትሄድ ማሽኗ እንዳለ ነው። ምንም ያላት ሰው የለም። ተቀመጠችና ሥራዋን ቀጠለች። እኔም አንተም ያደግነው በዚያ ካልሲ ነው። ማታ ገብታ አቀፈችህና ‘ገዴ’ አለችህ፤ ከዚያ ወዲያ በሌላ ስም ጠርታህ አታውቅም።»

«እና እኔ ምን አደረግሁ?»

«አንተማ ምን ታደርጋለህ፣ በጨርቅ ተጠቅልለህ ታለቅሳለህ። ከቦታው አስቀረሃት እንጂ።»

እኅቱ ይህን ያለችው ደስ እንዲለው ነው። ገዴ ግን ከወሬው ሁሉ መጨረሻዋን ቃል ብቻ ይዞ ተነሣ። አስቀረሃት! ለካ ገዱ መምጣቱ ላይ ሳይሆን መቅረቱ ላይ ኖሯል። ሽቦ ገልብጦ አስሮ ሞተሩን እንደሚራገም ጠጋኝ፣ ዕድሜ ልኩን ነገሩን ገልብጦ ይዞት ኖረ ማለት ነው። መኪናዋ ውስጥ ባይቀመጥ ኖሮ ዳገቱን እየዘፈነች ትወጣው ነበር። ዶማውን ባይዝ የጎረቤቱ ቧንቧ እስከ ዛሬ ደኅና ነበር። መንገድ ላይ ብቻውን ሳቀ። አላፊ አግዳሚው ዞር ብሎ ቢያየውም ግድ አልሰጠውም፤ ልጁን የሚጠቅምበትን ዘዴ አግኝቷል። አለመሄድ ነው፣ በቃ።

ቅዳሜ ጠዋት ደኅናውን ኮቱን ለበሰ። ሚስቱ ማልዳ ሄዳለች። እሱም ወጣና እስከ ሱቁ መታጠፊያ ድረስ ሄደ። ከማዶ የበሩ መስታወት ብልጭ ሲል፣ ከላዩም ስሙ በትልልቅ ፊደል ተጽፎ ሲያይ የኮቱን ኮሌታ አስተካከለ። ሁለት ሴቶች ጨርቅ በፌስታል ይዘው ሲገቡ አየ። «ይኸው፣ ገና ስርቅ ጀመረ» አለና ወደ ኋላው ተመለሰ።

የሚሠራበትን ሕንፃ የጓሮ ደረጃ ይዞ ጣሪያው ላይ ወዳለችው የሞተር ክፍል ወጣ። ግድግዳዋ ወፍራም ስለሆነ ስልክ አይገባባትም፤ የመረጣትም ለዚያ ነው። ኮቱን ምስማር ላይ ሰቀለ። ግሪስ የተቀባውን እንደገና ግሪስ ቀባ፣ የጠበቀውን ቡሎን እንደገና አጠበቀ፣ ገመዱን በጨርቅ ወለወለ። ሊፍቱ ያን ቀን ያለ አንዳች እንከን ሲወጣና ሲወርድ ዋለ፤ ገዴ ይህንንም ለዘዴው ምስክር አድርጎ ቆጠረው። በሐሳቡ ሱቋ በሰው ተጨናንቃለች፣ ልጁ ሜትሯን አንገቷ ላይ ጥላ ፋታ አጥታለች፣ ቀጣሪዋ በመስታወቱ እያየች ከንፈሯን ትነክሳለች። የትኛው አባት ነው እንዲህ ያለ ቀን ሲመጣ ለልጁ ሲል ራሱን የሚደብቅ? በገዛ ደግነቱ ሆዱ ባባ፤ ግሪስ በነካው እጁ ዓይኑን ጠረገ።

ከሰዓት በኋላ፣ «እንግዲህ አሁን ብሄድ የሚበላሽ የለም» ብሎ ኮቱን ለብሶ ወረደ።

ሱቋ ባዶ ነበረች። ልጁ የስፌት መኪናው ኋላ ተቀምጣለች፤ መኪናው ላይ አንዲት ቁራጭ ጨርቅ እንኳ የለም። ሚስቱ በርጩማ ላይ ሆና ከእግሩ እስከ ራሱ አየችው፤ ዓይኖቿ ዓይኑ ሥር ያለው ግሪስ ጋ ሲደርሱ ቆሙ።

«የት ነበርክ?»

«ሊፍቱ ድንገት...»

«ለሕንፃው ዘበኛ ደውዬለታለሁ። ሊፍቱ እንደ ሰዓት ይሠራል፣ እሱን ግን አላየሁትም አለኝ።»

ገዴ ዙሪያውን ቃኘ። «ሰው አልመጣም?»

«እንዴት አይመጣ! በጠዋት ሁለት እኅትማማቾች ለሠርግ ሊያሰፉ መጡ። ‘መጀመሪያ አባቴ ይለካና’ አለቻቸው። ተቀመጡ። ኮት የሚያስጠብብ ሰውዬ መጣ፣ እሱም ተቀመጠ። ሌሎችም ነበሩ። ‘አባትሽ የት ደረሱ?’ ሲሉ፣ ‘መንገድ ላይ ናቸው’ ስንል፣ አንድ በአንድ እየተነሡ ሄዱ። እኅትማማቾቹ ማዶ ያለችው ቀጣሪዋ ጋ ሲገቡ በዓይኔ አየሁ።»

«ታዲያ ለምን አልለካቻቸውም?»

«እኔን ትጠይቀኛለህ? ልጅህን ጠይቃት። ግትርነቷ ከማን እንደመጣ ግን እንዳትጠይቅ።»

ከዚህ በኋላ መዋሸት አላዋጣም። ገዴ የካልሲ ፋብሪካውን፣ የግራውን ረድፍ፣ መቅረት ላይ ያለውን ገድ ሁሉ ዘረገፈው። ሞተር ክፍሏ ውስጥ ሆኖ ያሰበው ጊዜ እንከን አልነበረውም፤ አሁን ባዶዋ ሱቅ ውስጥ ከአፉ ሲወጣ ግን እሱ ራሱ እንደ ሌላ ሰው ሆኖ ሰማውና ይህን የሚያወራው ቂል ማን ነው አለ በልቡ። «የነካሁት ሁሉ ይበላሻል፣ ልጄ» ብሎ ጨረሰ። «አንቺን እንዳላበላሽ ፈርቼ ነው። ገድ የለኝም።»

«ገድ እንደሌለህማ ድሮ ነው ያወቅሁት» አለች ልጁ። ቁጣ የለባትም፤ የከበደውም ይኸው ነው። «የስፌት ፈተናውን የወደቅሁ ቀን በሩ ላይ ነበርክ፣ በዝናብ በስብሰህ። ድጋሚ የወደቅሁ ቀንም ነበርክ። ያ ሊያገባኝ የነበረው ሰውዬ ‘ይቅርብን’ ብሎኝ ከሻይ ቤቱ ስወጣ፣ ማን እንደነገረህ እስከ ዛሬ አላውቅም፣ ማዶ ቆመህ ነበር። እኔ ነገር የሚሳካልኝ ሰው አይደለሁም አባዬ። ከገባሁበት ስወጣ ግን አንድም ቀን ሰው አጥቼ አላውቅም። ገዴ የምለው እሱን ነው። ስምህን የሰቀልኩትም ለዚያ ነው።»

ገዴ ለማንኛውም ነገር ቀልድ አያጣም ነበር። አሁን ግን ግሪሱን ከፊቱ ላይ በእጅጌው ጠረገ።

«የቀረኸው ዛሬ ብቻ ነው» አለች።

ሚስቱ ፊቷን ወደ መስታወቱ አዞረች። ገዴ አፈረ፤ ሊፍት ውስጥ ከሥራ አስኪያጁ ጋር ካፈረው በላይ፣ ጫማውን ሲያዩበት ከሚያፍረው ሁሉ በላይ አፈረ። ኮቱን አወለቀ፣ መጋረጃውን ገለጠና መለኪያው ጥግ ገብቶ እንደሚፈተሽ ሰው ሁለት እጁን ወደ ላይ አድርጎ ቆመ። ልጅቱ ቶሎ አልተነሣችም። እጁ ሊዝል ሲል መጣች፤ ሜትሩን በወገቡ ዙሪያ አሳለፈችና ቁጥሩን ልታይ አንገቷን ደፋች።

«ነገም እመጣለሁ» አላት ከአናቷ በላይ።

«ነገ እሑድ ነው። ዝግ ነው።»

«ይሁን» አለ ገዴ። «በሩ ላይ እቆማለሁ።»