ስሜት ያውቃል ባለች ቀን

ባልና ሚስቱ የሚያስተምሩት አንድ ዩኒቨርሲቲ ነው። እሷ የአውሮፓን ሮማንቲክ ገጣሚዎችና ፈላስፎች ስታጠና ጸጉሯ ሸብቷል። እሱ ሎጂክ ያስተምራል፤ ቃል ሳይመዝን ስለማይናገር ተማሪዎቹ «ሚዛን» ይሉታል። የእሷን ሰዎች ጨረቃ አይተው የሚያለቅሱ ጎረምሶች እያለ ያሾፍባታል፤ እሷም የአንተዎቹ ሰርግ ቤት ገብተው ማስረጃ የሚጠይቁ ናቸው ትለዋለች።

አዲሱን ጥናቷን ባቀረበች ቀን አዳራሹ ጢም ብሎ ነበር። ስሜት ራሱ አንድ የማወቂያ መንገድ ነው፤ ሮማንቲኮቹ አእምሮ ብቻውን አይበቃም አሉ እንጂ አልጣሉትም ስትል ተከራከረች። የጥያቄ ሰዓት ሲደርስ፣ እንደ ልማዱ ቀድሞ የተነሳው ባሏ ነው። የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር እንደ ወትሮው ልቅም ያለ ነበር።

«ስሜት ካወቀ ደግሞ» ብሎ ቀጠለ፣ «ወንበሩ ዝናቡን... በሩን ጠጣው።»

አዳራሹ በሳቅ አውካካ። በገጣሚዎቹ ያላገጠ መስሏቸው ያጨበጨቡም ነበሩ። እሱ ግን የሚያስቀው ነገር አልገባውም፤ ግራ ተጋብቶ ዙሪያውን ያያል። ያኔ የአፉ ቀኝ ጥግ ወደ ታች ወርዶ አየች። ክው አለች። ከመድረኩ እንዴት እንደወረደች አታውቅም፤ ብቻ ሲወድቅ ክንዷ ላይ ነበር።

ሐኪሙ አንጎሉ ውስጥ ደም መርጋቱን፣ ሕይወቱ ብትተርፍም ንግግሩ መጎዳቱን ነገራት። ባሏ ዓይኑን ገልጦ በፍቅር አያትና «ወንበር» ብሎ ጠራት። ወደ ኮሪደሩ ወጥታ ግድግዳውን ተደገፈች። ልጃቸው እያለከለከች ደረሰች።

«እማዬ፣ ያውቀናል?»

«ያውቀናል። የጠፋበት ስማችን ነው።»

ቤት ከገባ በኋላ፣ የንግግር ባለሙያዋ የለመደውን ወሬ አሰሙት ስላለች፣ እናትየው ያንኑ ጥናቷን ታነብለት ጀመር። ለሳምንታት አዳመጠ። አንድ ጠዋት ግን ግራ እጁን ዘርግቶ ገጹ ላይ ጫነው።

«አይደለም» አለ፣ ጥርት አድርጎ።

ከታመመ ወዲህ በቦታዋ የገባች ቃል ያቺ ብቻ ነበረች።

«የቱ ነው ያልሆነው?»

ታገለ፤ ግንባሩን ላብ አጠመቀው፤ ቃሉ አልመጣም። እሷም አንቀጹን ከመጀመሪያው እንደገና እያነበበች፣ ያልተስማማበትን ለማግኘት በየመስመሩ እየቆመች ፊቱን ታይ ጀመር።