ሦስተኛው ጥይት

ተክለአብ ጠመንጃውን የሚወለውለው ቅዳሜ ቅዳሜ ነበር፤ አደን ቢወጣም ባይወጣም። የወጥ ቤቱን ጠረጴዛ ይጠርግና አሮጌ አንሶላ ያነጥፍበታል። ከዚያ መወልወያ ዘንጉን፣ የናስ ብሩሹን፣ የተቆራረጠውን ጨርቅና የዘይቱን ብልቃጥ በተርታ ይደረድራል። ልጁ ኂሩት ከጎኑ ሆና ጨርቅ ታቀብለዋለች።

“መጀመሪያ ምን እናደርጋለን?” ይላታል።

“ባዶ መሆኑን ቼክ እናደርጋለን።”

“ባዶ መሆኑን ብታውቂስ?”

“ባውቅም።”

ጨርቁን በዘንጉ ጫፍ ጠምጥሞ በበርሜሉ ውስጥ ይሰደዋል። ጥቁር ሆኖ ይወጣል፤ ይጥለውና ሌላ ይቀበላታል። ነጭ ሆኖ እስኪወጣ አያቆምም። ዘይቱን በጠብታ ነው የሚቀባው፤ ሲበዛ ወደ ሰደፉ ወርዶ እንጨቱን ያበሰብሳል። ለዚህም ነው ጠመንጃው ሲቀመጥ አፈሙዙ ወደ ታች የሚሆነው።

“ባለፈው ሳምንት ነግረኸኛል፣ አባዬ።”

“ባለፈው ሳምንት ስለነገርኩሽ ዛሬ መስማት አቆምሽ?”

በዚህች ሰዓት አባቷ ሙሉ ሰው ነበር። ኂሩት ከሌላው ሰዓት ሁሉ ይህቺን የምትሳሳላት ለዚህ ነው። በሽታው የጀመረው በትንሽ በትንሹ ነበር፤ መጀመሪያ የአውቶቡስ ቁጥር፣ ከዚያ የጎረቤት ስም። ባለፈው ዓመት አንድ ጠዋት ማልዶ ተነሥቶ ፓርክ ሮያል የሚባል ሩቅ ሰፈር ድረስ ሄደ፤ ጡረታ ከወጣበት የዳቦ ፋብሪካ በር ላይ ቆሞ ተረኛ ነኝ ሲል አገኙት። የኂሩትን እናት፣ ነፍሷን ይማርና፣ ገበያ እንደሄደች ሰው የሚጠብቅበት ቀንም አለ። አንሶላው ከተነጠፈ ግን እጁ አንዲት ነገር አይስትም። ምላሱም አብሮ ይፈታል፤ የባሌን ተራራ፣ እየመራ ያሳድናቸው የነበሩትን ፈረንጆች፣ ቆቅና ጅግራውን ያወራል።

እዚህ እንግሊዝ አገር ከመጣ በኋላም አደኑን አልተወም። ኬንት ውስጥ አንድ ገበሬ እህሉን የሚጨርሱበትን የዱር ርግቦች እንዲመታለት ፈቅዶለት ነበር። ተክለአብ ርግብ በጣለ ቁጥር ነፍሷ ሳትወጣ ለመድረስ ቢላዋውን ይዞ በእርሻው መካከል ይሮጣል፤ “በስመ አብ” ብሎ ካልባረካት አትበላም። ገበሬው እንዲያ እየሳቀ “ሯጩ” የሚል ስም አወጣለት። ጥንቸል ምታልኝ ሲለውም ይመታለታል፤ ማንሣቱን ግን ለገበሬው ይተወዋል።

ጠመንጃው ከበርሜሉ ሥር ጥይት የሚደረደርበት ቱቦ፣ ካዝና የሚሉት፣ አለው። የዚህ አገር ሕግ በተራ የሾትገን ፈቃድ ካዝናው ከሁለት ጥይት በላይ እንዲይዝ አይፈቅድም። ስለዚህ ከመሸጡ በፊት ቱቦውን ከጎኑ ገፋ አድርገው አሰርጉደውታል፤ ሦስተኛ ጥይት አያልፍም። ተመርምሮ መጽደቁን የሚያሳይ ማህተምም ተመቶበታል። ተክለአብ ጤነኛ ሳለ በዚህ ይቀልድ ነበር። “ሁለት በካዝና፣ አንድ በበርሜል” ይላል። “በሦስት ያልመታ ሰው ሱቅ ሄዶ ዶሮ ይግዛ።”

ሐኪሙ ስለ በሽታው ለፖሊስ ማሳወቁ እንደማይቀር ለኂሩት ነግሯታል። እሷም ቀድማ አሰበችበት። የራሷን ፈቃድ አፕላይ አድርጋ፣ የፖሊስ መኮንን እቤታቸው ድረስ መጥቶ ጠይቋት፣ ግድግዳው ላይ በብሎን የታሰረውን የብረት ሣጥን አይቶ ሰጣት። በሚመጣው ወር ጠመንጃው በስሟ ይዞራል፤ ቁልፉም ከእሷ ጋር ይሆናል። አባቷ ከእንግዲህ አይተኩስም። ቅዳሜ ቅዳሜ ግን እሷ ታወጣለታለች፣ እሱ ይወለውላል። ከዓለም የምትፈልገው ይህንኑ ብቻ ነበር። ቁልፉን ቀድማ ልትወስድበት አልጨከነችም፤ እስከዚያው ከአንገቱ ላይ እንደተንጠለጠለ ነበር።

ሐሙስ ማታ ሃክኒ ካለው መነጽር ቤት ሥራዋን ጨርሳ ገባች። ኤሌፋንት ኤንድ ካስል የሚኖሩበት ፎቅ አሳንሰሩ ተበላሽቶ ስለነበር ደረጃውን በእግሯ ወጥታ እያለከለከች በሩን ከፈተች። አባቷ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ፣ የአደን ሰደርያውን ደርቦ ጠረጴዛው ዘንድ ተቀምጧል። ጠመንጃው ከፊቱ ተጋድሟል፤ አንሶላ አልተነጠፈም።

“ሐሙስ እኮ ነው፣ አባዬ።”

“እንግዶቹ ሊደርሱ ነው” አላት። “አዘጋጅቼላቸዋለሁ።”

ቦርሳዋን መሬት አስቀመጠች። እንዳስተማራት ጠመንጃውን አፈሙዙን ወደ ወለሉ አድርጋ አነሣች፤ ከፍታ በርሜሉን አየች፤ ባዶ ነው። የካዝናውን መልቀቂያ ስትነካው ግን አንድ ጥይት ተንሸራቶ መዳፏ ላይ ወደቀ። ባሩድ የሌለው የልምምድ ጥይት መስሏት ነበር። ክብደቱ አይደለም አላት። ሁለተኛው ወጣ። ጠመንጃውን ልታስቀምጥ ካለች በኋላ፣ ከልማድ ብቻ፣ አንድ ጊዜ ደግማ ነካችው። ሦስተኛው ወጥቶ ጠረጴዛው ላይ ተንከባለለ።

ጥይቱ እስኪቆም ድረስ አየችው።

ከዚያ ነው ወንበሩ ሥር ያለውን መዶሻና የቧንቧ ቁራጭ ያየችው። የካዝናውን ሞላ አውጥቶ፣ ቧንቧውን ከውስጥ ከትቶ፣ የሰረጎደውን ከውስጥ ወደ ውጭ ቀጥቅጦ አቅንቶታል። በጣቷ ዳበሰችው፤ ጎድጓዳው የለም። ሞላውን መልሶ፣ ክዳኑን ጥርሱ ሳይበላሽ አጥብቆ ገጥሞታል። እጁ ዛሬም አልሳተም።

“ምን አደረግክ፣ አባዬ?”

“አንድ ደደብ አጣሞት ነበር፤ አቃናሁት። አምስት ነው እኮ የሚይዘው።”

“ሕጉ ሁለት ነው የሚለው።”

“የየት አገር ሕግ?”

ሊከራከራት አልነበረም፤ እየጠየቃት ነበር። ዓይኑን አንሥቶ መልሷን ጠበቀ።

“የእንግሊዝ” አለችው።

“እንግሊዝ እዚህ ምን አገባት?” አለና ፈገግ አለ፤ ያልገባውን ልጅ እንደሚያባብል ሰው። ከመስኮቱ በታች አውቶቡስ ሲያልፍ መስታወቱ ተንቀጠቀጠ። እሱ ግን በሩን ነበር የሚያየው።

ቁልፉን ከአንገቱ ስታወጣ አልተቃወማትም። እንዲያውም እንዲመቻት አንገቱን ዝቅ አደረገላት።

በማግስቱ ጠዋት ጋሽ ሳህሉ መጣ። የአባቷ የአደን ጓደኛ ነው፤ መኪና ይጠግናል፤ የራሱ ጋራዥ አለው። ተክለአብ መኝታ ቤት ተኝቷል። ኂሩት ሣጥኑን ከፍታ አሳየችው። ጋሽ ሳህሉ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ ቱቦውን በብርሃን አገላብጦ አየና ራሱን ነቀነቀ።

“የፈረደበት፣ አቀናኑማ አሳምሮታል” አለ። “እኔ እንኳ እንዲህ አላደርገውም።”

“ምን ይሻላል፣ ጋሽ ሳህሉ?”

“ምን ይሻላል ትያለሽ? ጋራዥ እወስደዋለሁ፣ አንዴ በመምቻ እለዋለሁ፣ እንደነበረው ይሰረጉዳል። ማህተሙም አልተነካ። በሚመጣው ወር በስምሽ ታዞሪዋለሽ። ማን ያያል?”

“መኪና ውስጥ ሳሉ ቢያስቆሙዎትስ? እንዲህ ሆኖ የእኔም የእርስዎም ፈቃድ አይሸፍነውም።”

“ስንት ዓመት ስነዳ አስቁመውኝ አያውቁም።” ድምፁን ዝቅ አደረገ። “ስሚኝ ልጄ። ፖሊስ ከገባ ጠመንጃው አይመለስም። ጠመንጃው ከሄደ ደግሞ ተክለአብ ምን ይቀረዋል? ቅዳሜውን ነው የምትወስጅበት።”

ኂሩትም ሌሊቱን ሙሉ ለራስዋ ያለችው ይህንኑ ነበር፤ መምቻውንም፣ ጋራዡንም ሳይቀር አስባዋለች። እሺ የሚለው ቃል ምላሷ ላይ ነበር። መኝታ ቤት አልጋው ሲንቋቋ ሰማች፤ አባቷ እየተገላበጠ ነው።

“ሦስቱም የእውነት ጥይት ነበሩ” አለች።

“አውቃለሁ፤ ነግረሽኛል።”

“እንግዳ ይመጣል ብሎ ነው ያጎረሰው። ፖስተኛው ያንኳኳል፤ የጎረቤት ልጆች ኳሳቸው በረንዳችን ላይ ሲወድቅ ያንኳኳሉ። ለእሱ ማን መስለው እንደሚታዩት እኔ አላውቅም።”

ጋሽ ሳህሉ መነጽሩን ወደ ዓይኑ መለሰ። “እኔ ባልሰማ ነበር የሚሻለኝ” አለና ተነሣ። ደረጃው ድረስ ሸኘችው። አልተቆጣትም፤ ግን እንደ ወትሮው ግንባሯን ሳይስም ነው የወረደው።

ከሰዓት በኋላ ለፖሊስ ስልክ ደወለች። የሆነውን አንድም ሳትደብቅ ተናገረች። ስልኩን ያነሣችው ሴት እንዳታንቀሳቅሰው፣ ቆልፋበት እንድትቆይ፣ ነገ ጠዋት ሰው እንደሚመጣ ነገረቻት። ነገ ቅዳሜ ነበር። ኂሩት ሌላ ቀን ይሁንልኝ ልትል ፈለገች፤ እንዴት አድርጋ እንደምታስረዳ ጠፋትና እሺ ብላ ዘጋች።

ሁለት ሆነው መጡ፤ አንዲት ሴት ፖሊስና አንድ ወጣት ባልደረባዋ። ተክለአብ አንሶላውን አንጥፎ፣ ዘንጉንና ብሩሹን ደርድሮ ጠመንጃውን እየጠበቀ ነበር። እንግዶቹን ሲያይ ተነሥቶ እጅ ነሣ።

ሴቷ ሣጥኑን አስከፍታ ጠመንጃውን አየች፤ ባዶ መሆኑን ሁለት ጊዜ አረጋገጠች፤ ጥይቶቹን ለብቻ አሸገች። ቱቦውን በጣቷ ስትዳብስ ኂሩት ፊቷን ታይ ነበር።

“አባቴ ይከሰሳል?” አለቻት በእንግሊዝኛ።

“ሐኪሙን እናነጋግራለን። ቃል ልገባልሽ አልችልም፤ ግን አይመስለኝም።”

“ጠመንጃውስ? ተስተካክሎ በስሜ…”

ሴቷ ራሷን ነቀነቀች። “ይወገዳል” አለች።

ተክለአብ ከአንዷ ወደ ሌላዋ አየ። “ምን አለች?”

“መወልወል ይችላል ወይ ብዬ ጠየቅኳት” አለችው ኂሩት። ከዚያ ወደ ሴቷ ዞራ የእውነት ጠየቀቻት። ሁለቱ ፖሊሶች ተያዩ። ሴቷ ወንበር ስባ ከአጠገቡ ተቀመጠችና ጠመንጃውን አንሶላው ላይ አደረገችለት።

ወለወለው። አልቸኮለም። የመጀመሪያው ጨርቅ እንኳ ነጭ ሆኖ ነበር የወጣው፤ እሱ ግን ሌላ ጠየቀ፣ ኂሩት አቀበለችው። ዘይት በጠብታ እንደሆነ ለፖሊሷ በአማርኛ አስረዳት፤ ኂሩት ተረጎመች። የእጅ ላብ ብረት እንደሚያዝግ፣ ስለዚህ መጨረሻ ላይ የነኩት ሁሉ እንደሚጠረግ አስረዳት፤ ኂሩት ተረጎመች። ድምፅዋ መካከል ላይ ሲቆረጥ ወጣቱ ፖሊስ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

ሲጨርስ ብድግ ብሎ በሁለት እጁ ሰጣቸው። “አፈሙዙን ወደ ታች” አላቸው። ፖሊሷ እንዳላት አደረገች፤ ቦርሳው ውስጥ አስገብታ ዘጋችው። ኂሩት እስከ ደረጃው ሸኘቻቸውና ጥቂት በረንዳው ላይ ቆመች። ሲጠይቃት ምን እንደምትለው ታስብ ነበር። እኔ ነኝ የጠራኋቸው ልትለው ቆርጣ ገባች፤ ቢረግማትም፣ ዳግም ባያናግራትም።

ጠረጴዛው ዘንድ ተቀምጦ አገኘችው። ከጎኑ ተቀመጠች።

“አባ…” ብላ ጀመረች።

ዞር ብሎ በትሕትና አያት። ልብሷን አየ፤ ፊቷን አየ።

“እርስዎ አብረዋቸው አልሄዱም?” አላት።

“እሄዳለሁ” አለች።

“እንግዲያውስ አንድ ነገር ላስቸግርዎት።” ወደ በሩ አየና ድምፁን ቀነሰ። “ያ ጠመንጃ የልጄ ነው። ለሷ ነበር ያቆየሁት። ምን ሆኜ እንደሰጠኋችሁ አላውቅም፤ ሰዎቹ ጨዋ ስለሆኑብኝ ይሆናል። ከሌላ ሰው ብትሰማው ታዝንብኛለች። ራሴ እስክነግራት አይንገሩብኝ።”

“አልነግርብዎትም” አለች ኂሩት።

“ብዙ አትናገርም እሷ። ካዘነች ግን አውቅባታለሁ።”

“አታዝንብዎትም።”

“አያውቋትም” አላት በደግነት።

የቀሩትን ነጭ ጨርቆች ሰብስቦ አነባበራቸው፤ ጠርዛቸውን በመዳፉ አስተካከለ። ከዚያ ይቅርታ በሚጠይቅ ፊት እጁን ወደ ተቀመጠችበት ወንበር ዘረጋ።

“ቅዳሜ አይደል፤ አሁን ትመጣለች” አለ። “የምትቀመጠው እዚያ ነው።”

ኂሩት ከወንበሩ ተነሣችለት።