ቤዙ ያልተበላበት

«መዝሙሮቹ እዚህ ውስጥ ናቸው መሰለኝ» አለ ኤርሳዶ፣ የመዘምራኑ መሪ፤ ሃርድ ዲስኩን ለሩት እየሰጣት። «ከአባትሽ ቦርሳ ነው ያገኘነው። ያንን እሱ የደረሰውን የንጋት መዝሙር ፈልጊልንና ለቅሶው ድንኳን ውስጥ ይከፈት፤ እናትሽም ትጽናና።»

ሩት ጓዳ ገብታ ላፕቶፑ ላይ ሰካችው። መዝሙር የሚባል የለም። ከላይ እስከ ታች የአንድ የፈረንጅ ባንድ አልበሞች ናቸው፤ አሲድ ጃዝ፣ ፈንክ፣ የለየለት ጭፈራ! አባቷ ደገፉ ሠርግ ቤት እንኳ ዘፈን ሲጀመር ጃኬቱን አንስቶ ውልቅ የሚል ሰው ነበር። ቦዲቲ ከተማ መንፈሳዊ ጉባኤ ላይ ድንገት ወድቆ ሲሞትም ቤዝ ጊታሩን እንዳነገተ ነው።

ማዳመጫውን አጥልቃ አንዱን ከፈተች። ቤዙ ሲገባ ክው አለች። የንጋት መዝሙር ቤዝ ነው! አባቷ ቀስ አደረገው እንጂ ራሱ ነው። እናቷ አስካለች «በጾም በጸሎት የተቀበለው ነው» እያለች ስንት ዓመት መስክራበታለች።

ለቅሶ ሊደርስ የመጣውን ከድርን ጠራችው። መናኸሪያው አጠገብ የሙዚቃና የስልክ ሱቅ አለው።

«እኔ ነኝ የማወርድለት» አለ ከድር አንገቱን ደፍቶ። «የተጨመቀውን፣ ኤምፒስሪውን ስሰጠው ‹ቤዙ ተበልቷል፣ ያልተጨመቀውን አምጣ› ይለኛል። ሱቄ ቁጭ ብሎ አንዷን ቦታ ደጋግሞ ይሰማል። ‹ለዚህ ፈረንጅ ይሄን ጣት የሰጠውም ያው እግዚአብሔር ነው› ይል ነበር ጋሼ።»

«እማዬ ከሰማች አለቀላት። ላጥፋው።»

«ምኑን?» አስካለች በሩ ላይ ቆማለች።

ሩት መዋሸት አቃታት። ነገረቻት። አስካለች ማዳመጫውን ራሷ አጠለቀችው። ፊቷ ደርቆ ቀረ።

«ውሸታም!» አለች በመጨረሻ። «ጸሎት ላይ ነኝ እያለኝ!» እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «ጣቱ እኮ ነው... ልክ እንደዚህ ነበር የሚያደርገው።»

«ላጥፋው እማ?»

«እንዳትነኪው! ከድር፣ ስልኬ ላይ ገልብጥልኝ። እንዳትጨምቀው።»

ኤርሳዶ ከድንኳኑ «ተገኘ ወይ?» ብሎ ተጣራ።

«ዲስኩ ተበላሽቷል» አለችው አስካለች። ዋሽታ የማታውቅ ሴት!

ከሰዓት በኋላ ማዳመጫውን ስልኳ ላይ ሰክታ በጥቁር ነጠላዋ ሸፍና ድንኳኑ ውስጥ ተቀመጠች። ለቀስተኛው እየመጣ «እግዚአብሔር ያጥናሽ» ሲላት ራሷን ትነቀንቃለች። ሩት ግን ወደ አግዳሚው ሥር አየች። የእናቷ እግር መሬቱን መታ፣ ቆየት አለና እንደገና መታ።