ከጉልበት አያልፍም

«ጫማውን አውልቆ ነው አሉ የገባው።»

ይህን ያለችው ከዘርፈሽ ጀርባ አግዳሚው ላይ የተቀመጠች ሴት ናት። ድምጿን ዝቅ ያደረገች መስሏታል፤ ለቅሶ ድንኳን ውስጥ ግን እንደ ሹክሹክታ ጎልቶ የሚሰማ ነገር የለም። ዘርፈሽ ዞር ብላ አላየችም። ባሏን ደረሳን ከቀበረች ወዲህ አንዲት ጠብታ እንባ አልወጣትም፤ ሰዉም ይህንኑ ልብ ብሎ ጨርሷል።

ጎረቤቷ ኬኔ ሻይ ይዛ መጥታ አጠገቧ ቁጢጥ አለች።

«አዴ ዘርፈሽ፣ እስቲ ፉት በዪለት። ማል ጎና፣ ምን እናድርግ፣ ፈጣሪ ዋቀዮ ያመጣው ነው።»

«ዋቀዮ ነው ያመጣው?»

ዘርፈሽ ሻዩን ተቀብላ አጠገቧ አስቀመጠችው። የሚያንገበግባትን ለማን ትናገር? ደረሳ ከመሞቱ በፊት የመጨረሻዋን እራት ሲበሉ፣ «ያ ውሃ እኔንም አብሮ ቢሸፍነኝ ይሻል ነበር» ብሎ ነበር። እሷም ሰልችቷት «ብላ ባክህ» ብላ አለፈችው። በነጋታው ከሐይቁ አወጡት። ዳር ላይ የተገኘው ጫማው ብቻ ነው። እንግዲህ ወዶ ገብቶ፣ እሷን ጥሏት ሄዶ ከሆነ፣ ለእንዲህ ያለ ሰው ምን ብላ ታልቅስ?

ሐይቅ ይበሉት እንጂ ሐይቅ አልነበረም። ነቀምቴ፣ ከቡርቃ ጃቶ ሰፈር ጫፍ ያለ፣ ድንጋይ የሚፈለጥበት ካባ ነበር፤ ደረሳም ድንጋይ ሲጠርብ ጉልበቱን የጨረሰው እዚያ ነው። ያኔ ማታ ማታ ዱቄት ላይ የተንከባለለ መስሎ ይገባል፤ ዘርፈሽ ጀርባውን እያጠበች ትስቅበታለች። ነቀምቴ ውስጥ አብረው ሲሄዱ ድንገት ይቆምና የሰው ቤት መሠረት በመዳፉ መታ መታ ያደርጋል። «ይቺን አውቃታለሁ» ይላል፣ የድሮ ወዳጅ ያገኘ ይመስል። አንድ ጊዜ በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ እንዲሁ ሲያደርግ መጋቢው አይተው ጸሎት መስሏቸው ነበር።

ኋላ ድንጋዩ አለቀ፤ ካባው ተዘጋ፤ ጉድጓዱን ክረምት ሞላው። ከተማው መናፈሻ እናድርገው ብሎ ዙሪያውን ሣር አለበሰው፤ ዳክዬ የሚመስሉ ባለ ፔዳል ጀልባዎችም መጡ። ደረሳን ጥበቃ አድርገው ቀጠሩት። «በስተርጅና የዳክዬ እረኛ ሆንኩልሽ» ይላት ነበር። እሷ ትስቃለች፤ እሱ አይስቅም።

ከሰዓት ላይ ሰዉ ሁሉ ወደ መግቢያው ዞረ። አሊ ገባ። ከደረሳ ጋር በጥበቃ የሚሠራ፣ ወላጆቹ በሰባ ሰባቱ ድርቅ ከወሎ የመጡ ጎልማሳ ነው። ደረሳ ሲሰምጥ አብሮት ስለነበር ፖሊስ ለጥያቄ ወስዶት ገና አሁን መለቀቁ ነው። ዘርፈሽ ፊት በርከክ አለ።

«እትዬ ዘርፈሽ፣ አላህ ያጽናዎት። እስካሁን አለመምጣቴ…»

«ተወው እሱን። ምን ብሎህ ገባ?»

«ጀልባዋ ገመዷን በጥሳ ከዳር ራቀች። የመናፈሻው ምረቃ ደግሞ በማግስቱ ነበር። ዋናተኛ ልጥራ ስለው ሳቀብኝ። ‹እዚህ ጋ ከውሃው ሥር እርከን አለ፤ የጠረብኩት እኔ ነኝ፤ ከጉልበት አያልፍም› አለኝ። ሱሪውን ጠቀለለ። ጫማውን አወለቀና ‹ያዝልኝ፣ መጣሁ› ብሎኝ ገባ። ጥቂት እንደተራመደ ጠፋ። ወላሂ፣ ድምፅ እንኳ አላሰማም። እኔም ዋና አላውቅ፤ ጫማውን ጥዬ እሪ እያልኩ ወደ አስፋልቱ ሮጥኩ።»

«እርከኑስ?»

«ጋሼ ለሰርግ ወደ አርጆ በሄደ ጊዜ፣ ለጀልባ ይጥለቅ ብለው በእስካቫተር አፍርሰውታል። እኔም ጣቢያ ነው የሰማሁት። ለሱ የነገረው የለም።»

የኋላዋ ሴት ከንፈሯን መጠጠች።

«ምን አለ ያልከኝ?» አለች ዘርፈሽ።

«‹ያዝልኝ፣ መጣሁ›።»

ጥሏት አልሄደም። እራት ላይ ያለውም የዘወትር ማጉረምረሙ ነው። ከደረቷ ላይ ከባድ ነገር የተነሳላት መሰላት፤ እፎይታው ግን አልቆየም። ለካ የሞተባት ለምሳ ወደ ቤቱ ሊመለስ ያሰበ ሰው ነው። ይሄኛው ይብሳል።

ብድግ አለች። ኬኔ ደግፋ ወደ ቤት አስገባቻትና ወለሉ ላይ በተነጠፈው ፍራሽ ጋደም አደረገቻት። ዘርፈሽ እየተንፏቀቀች ግድግዳው ድረስ ተጠጋች። ኬኔ ቦታ የተለቀቀላት መስሏት ፍራሹ ላይ ልትቀመጥ ስትል ክንዷን ያዘቻት።

«እዚያ አይሆንም፤ እሱ ዳር ካልሆነ እንቅልፍ አይወስደውም።»

እንባዋ የመጣው ያኔ ነው። እያለቀሰችም የብርድ ልብሱን አጋማሽ ሳብ አድርጋ ባዶውን ቦታ አለበሰችው።