በአሣ የተሸጠ ምስጢር

ዶርቃ በሻለቃ ይልቃል ቤት ወጥ ቤት ሆና ስትቀጠር፣ ከ"ጨው" እና ከ"ውሃ" ያለፈ አማርኛ አታውቅም ተብሎ ነበር። እሷም አላስተባበለችም። ቤተ ክርስቲያናቸው ከመታሸጉ በፊት ግን መጽሐፍ ቅዱስን በአማርኛ ለጉባኤው የምታነበው እሷ ነበረች።

ዘመኑ የአፈሳ ዘመን ነው። ለብሔራዊ ውትድርና ወጣት የሚያሳፍሰው ሻለቃው ነበር። ምሳውን በልቶ ስልክ ሲያነሳ፣ "ነገ ኳስ ሜዳው ጋ" ሲል፣ ዶርቃ ሳህን እያነሳች ትሰማለች። ከዚያ ወደ ባሮ ዳርቻ ትወርዳለች።

ወንዙ ዳር አሣ የምትሸጠው ኛዳክ ሁለት ጎረምሳ ልጆች አሏት። መጀመሪያ ቀን ዶርቃ ወሬውን ልትነግራት ስትል እጇን ያዘቻት።

"በነፃ የተገኘ ወሬ በነፃ ይበተናል። ዋጋ ጥሪ!"

ዶርቃ ስቃ ከቅርጫቱ ትልቁን አሣ አነሳች። ኛዳክም ወሬውን አሣ ለሚገዙ እናቶች ሁሉ አደረሰች። በማግስቱ ኳስ ሜዳው ላይ የተገኙት ፍየሎች ብቻ ነበሩ። ሻለቃው ተናዶ ቤቱ ገባ፤ ጥብሱን ሲቀምስ ግን ፊቱ ፈታ አለ።

"ይሄን የመሰለ አሣ ከየት ታመጫለሽ?"

"ጓደኛ... አለ... ጓድ ሻለቃ" አለች አማርኛዋን ሆን ብላ እየሰባበረች።

እንዲህ እያለ ወራት አለፉ። እናቶች ልጆቻቸውን እየሸሸጉ፣ ሻለቃው አሣውን እየበላ።

አንድ ቀን ሻለቃው ወጥ ቤት ድረስ መጥቶ፣ ቃላቱን እየጎተተ፣ "ዶርቃ፣ ቅዳሜ፣ ገበያ ውስጥ፣ ወጣት እንይዛለን" አላት።

ይህ ሰው ስለ ምግብ ካልሆነ በቀር አነጋግሯት አያውቅም። ወጥመድ መሆኑ ገባት። ግን ወጥመድ ባይሆንስ? ዝም ብትል የስንት እናት ልጅ ይወሰዳል? ሁለት ቀን ምግብ አልወረደላትም። በመጨረሻ ለኛዳክ ሳትነግራት ቀረች።

ቅዳሜ ገበያው ጢም ብሎ ሞላ። ጎረምሶች ይተራረባሉ፣ ይታገላሉ። ዶርቃ ሽንኩርት እየመረጠች ዓይኗ መንገዱ ላይ ነበር። አንድም ወታደር አልመጣም። እዚያው ሽንኩርቱ አጠገብ ተቀመጠች።

ሰኞ ሻለቃው ስልክ ላይ ሲናገር ሰማችው።

"ወሬው የሚወጣው ከኔ ቤት አይደለም፤ አጣርቻለሁ። አሁን ስማ፤ ሐሙስ የኦኬሎ ሰርግ ነው። ወጣቱ ሁሉ ራሱ ተሰብስቦ ይጠብቀናል።"

ኦኬሎ የዶርቃ ወንድም ልጅ ነው። ሻለቃው ይህን አያውቅም። ሳህኖቹን አንስታ በቀጥታ ወደ ወንዙ ወረደች።

የዚያን ዕለት ኛዳክ ስትሰማ አሣ ልትሰጣት ቅርጫቱን ሳበች።

"ዛሬ አልፈልግም" አለች ዶርቃ። "ዛሬ ታንኳ ነው የምፈልገው። ያለውን ሁሉ።"

ሐሙስ ጠዋት ሙሽራውና ሙሽሪት አጅዋንግ፣ ከበሮውና ወጣቱ ሁሉ፣ በታንኳ ባሮን ተሻግረው መኪና የማይደርስበት ቦታ ወረዱ። ወታደሮቹ የሰርጉን ግቢ ሲከቡ ያገኙት አሮጊቶችንና የተደረደረ ምግብ ነው።

"ሰርጉ የታለ?" አለ ሻለቃው።

"ሰርጉ ሄደ፤ ምግቡ አለ" አለች አንዷ አሮጊት። "እንግዳ ቆሞ አይውልም። ተቀመጡ።"

ከወንዙ ማዶ ከበሮው ይመታል። ወታደሮቹ ሻለቃውን አዩ፤ ሻለቃው ድስቱን አየ። ጠብመንጃቸውን ዛፍ አስደግፈው ተቀመጡ።

ዶርቃ እንዳትጠረጠር ሰርጉን ትታ ምሳ ስትሠራ ዋለች። ሻለቃው ቀበቶውን እያላላ ገባ።

"ምሳ ይቅርብኝ፣ በልቻለሁ" አላት። "አንቺ ግን እንደ ሰው ሁሉ ለምን ሰርግ አልሄድሽም?"

"ምሳ... ማን ይሠራል... ጓድ ሻለቃ?"

ሻለቃው ልቡ ተነካ። "እንዳንቺ ያለ ታማኝ ሰው አላጋጠመኝም" አለ። ዶርቃ ወደ ጓዳ ሮጣ ገብታ ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጎስጉሳ እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች።

በዓመቱ ሻለቃው ተዛወረ። አውሮፕላን ማረፊያው ድረስ ሸኘችው።

"አይዞሽ" አላት፣ "ለሚተካኝ መኮንን ስላንቺ ነግሬዋለሁ። ይህችን ሴት እንዳትለቃት፣ እንደ ራስህ እመናት ብዬዋለሁ።"

ዶርቃ ጎንበስ ብላ አመሰገነችው። አውሮፕላኑ ከዓይኗ ሲጠፋ፣ አዲሱ መኮንን አሣ ይወድ እንደሆነ ሹፌሩን ጠየቀችው።